ከመስኮት የተመራ ሥራ፤ የብሩክሊን ድልድይና የዋና መሐንዲሱ ሕመም

ኢስት ሪቨር እየተባለ የሚጠራው ውሃ ማንሐተንን ከብሩክሊን ይለያል። ከ1877 ጀምሮ (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዘመናት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) በብሩክሊን በኩል፣ ከወንዙ ዳር ከፍ ብሎ በተዘረጋው ኮሎምቢያ ሃይትስ በተባለ ጎዳና ላይ፣ በአንድ ቤት መስኮት አጠገብ አንድ ሕመምተኛ ይቀመጥ ነበር። የሩቅ ማያ መነጽሩን አንሥቶ ወደ ወንዙ ይመለከታል፤ ዐይኑ ቶሎ ይደክማልና መልሶ ያስቀምጠዋል። ጠያቂ ሲበዛበት ይታወካል፣ ረጅም ንግግር ያደክመዋል፣ እጅና እግሩ ይደነዝዛል። ዕድሜው ገና 40 ዓመት ነበር። ይህ ሰው ዋሽንግተን ሮብሊንግ ሲሆን፣ በዚያን ጊዜ ከመስኮቱ ባሻገር በመሠራት ላይ የነበረው የዓለም ረጅሙ ተንጠልጣይ ድልድይ ዋና መሐንዲስ ነበር።

ስለ ብሩክሊን ድልድይ ርዝመት፣ ስለ ማማዎቹ ቁመትና ስለ ኬብሎቹ ውፍረት ብዙ ተጽፏል። የምሕንድስና ታሪክ ጸሐፊዎች የመሐንዲሱን ሕመም የሚያነሡት ግን አብዛኛውን ጊዜ እንደ አሳዛኝ ማስጌጫ ነው፤ ከንፈር መጠው ወደ ሥሌቱ ይመለሳሉ። ነገር ግን አንድ ሰው ዐሥር ዓመት ሙሉ ታሞ ሳለ ይህን የመሰለ ሥራ እንዴት ሊመራ እንደቻለ መመርመር፣ ድልድዩ እንዴት እንደ ቆመ ከመመርመር የሚያንስ ጉዳይ አይደለም። ጥያቄው ዛሬም ይኖራል። አካልን የሚያሰናክል ሕመም የያዘው ባለሙያ በሙያው ሊቀጥል ይገባዋልን? ይህንንስ የሚወስነው ማን ነው?

ድልድዩን መጀመሪያ ያሰበው የዋሽንግተን አባት ጆን ሮብሊንግ ነው። በፕሩሲያ በሙልሐውዘን ከተማ በ1806 ተወልዶ ወደ አሜሪካ የተሻገረው ይህ ሰው የሽቦ ገመድ ፋብሪካ አቋቁሞ በተንጠልጣይ ድልድዮች ሥራ ስሙ የገነነ ነበር። በሰኔ ወር 1869፣ ይኸውም ዐፄ ቴዎድሮስ በመቅደላ በሞቱ በዓመቱ፣ የብሩክሊኑ ማማ የሚቆምበትን ቦታ ሲለካ አንዲት የመሻገሪያ ጀልባ ከወደቡ እንጨት ጋር አጣብቃ የእግሩን ጣቶች ጨፈለቀችበት። የሐኪሞችን ምክር ወደ ጎን ትቶ በውሃ ሕክምና ብቻ እድናለሁ ስላለ መንጋጋ ቆልፍ ይዞት ከአንድ ወር ባነሰ ጊዜ ውስጥ ሞተ። ሥራውን ልጁ ተረከበ። ዋሽንግተን ያን ጊዜ 32 ዓመቱ ነበር። በትሮይ ከተማ ከሚገኘው ሬንሰለር የፖሊቴክኒክ ተቋም በ1857 ተመርቆ፣ በእርስ በርስ ጦርነቱ በሰሜኑ ጦር ውስጥ አገልግሎ፣ በሲንሲናቲ ድልድይ ሥራ አባቱን ረድቶ ነበር። ከዚህም በላይ በ1867 ወደ አውሮፓ ሄዶ አንድ አዲስ የመሠረት አሠራር አጥንቶ ተመልሷል። ኋላ አካሉን የጎዳው ይኸው ያጠናው ነገር ነው።

አሠራሩ ኬሶን ይባላል። ኬሶን ማለት አፉ ወደ ታች የተደፋ፣ ወለል የሌለው ግዙፍ ሣጥን ማለት ነው። በውሃ ላይ ተንሳፍፎ ወደ ቦታው ይወሰድና የማማው ድንጋይ በጣሪያው ላይ ሲገነባ በክብደቱ እየሰመጠ ከወንዙ ወለል ይደርሳል። ውሃው ወደ ውስጥ እንዳይገባ በመጭመቂያ መሣሪያ አየር ይሞላበታል። ሠራተኞች በጠባብ የአየር መዝጊያ ክፍል አልፈው ወደ ውስጥ ይወርዱና አፈሩንና ድንጋዩን ሲቆፍሩ ሣጥኑ ከላይ ከተሸከመው ማማ ጋር ወደ ታች ይወርዳል። በ1870 በብሩክሊን በኩል የወረደው ኬሶን ከወፍራም የጥድ እንጨት የተሠራ ሲሆን 51 ሜትር ርዝመትና 31 ሜትር ስፋት ነበረው። የሥራው ክፍል ከፍታ ግን ከ3 ሜትር ያነሰ ነበር። በዚያ በሚያጥበረብር የጋዝ መብራት ሥር፣ በወበቅና በጭቃ ውስጥ፣ በመቶ የሚቆጠሩ ሰዎች ይቆፍሩ ነበር። ጥልቀቱ በጨመረ ቁጥር የውሃውን ግፊት ለመመከት የአየሩም ግፊት መጨመር ነበረበት።

በታኅሣሥ መጀመሪያ 1870 የዚሁ ኬሶን ጣሪያ በውስጥ ለውስጥ እሳት ተያያዘ። ሮብሊንግ ሰዓታት ሙሉ ከሠራተኞቹ ጋር ከታች ቆይቶ እሳቱን ሲፈልግ አደረ። ሲወጣ አካሉ ታዘዘለት ማለት አይቻልም፤ ተሸክመው ወደ ቤቱ ወሰዱት። በመጨረሻም እሳቱን ለማጥፋት ሣጥኑን በውሃ ማጥለቅለቅ ግድ ሆነ። ይህ የመጀመሪያው ማስጠንቀቂያ ነበር። እርሱ ግን ጥቂት ካረፈ በኋላ ወደ ሥራው ተመለሰ፤ በዚያ ዕድሜና በዚያ ኃላፊነት ላይ ያለ ብዙ ሰው የሚያደርገውን አደረገ።

የብሩክሊኑ መሠረት በ13 ሜትር ተኩል ያህል ጥልቀት ላይ ቆመ። በኒውዮርክ በኩል ያለው ግን እጅግ ጥልቅ መሆን ነበረበት። ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በአክሱም ዘውድ በጫኑበት በ1872 መጀመሪያ ላይ ኬሶኑ እየሰመጠ በሄደ መጠን አንድ እንግዳ በሽታ ሠራተኞቹን ይጥላቸው ጀመር። በሽታው ከታች ሳሉ አይነካቸውም፤ ወደ ላይ ከወጡ በኋላ ግን መገጣጠሚያቸውን ይቆራርጣቸዋል፣ ጎብጠው ይቀራሉ፣ አንዳንዶቹም ከወገባቸው በታች ሽባ ይሆናሉ። ኩባንያው አንድሩ ስሚዝ የተባለ ሐኪም ቀጠረ። እርሱም ከጥር እስከ ግንቦት መጨረሻ ባለው ጊዜ 110 ሕመምተኞችን መዘገበ፤ በሽታውንም «የኬሶን በሽታ» ብሎ ሰየመው። ሦስት ሰዎች ሞቱ።

የበሽታው ምክንያት ዛሬ ግልጽ ነው። ሰው በከፍተኛ ግፊት ውስጥ ሲተነፍስ የአየሩ ናይትሮጅን በደሙና በሥጋው ውስጥ ይሟሟል። ቀስ ብሎ ቢወጣ ናይትሮጅኑ በሳንባው በኩል ይወጣለታል። በጥድፊያ ከወጣ ግን፣ የአምቦ ውሃ ጠርሙስ በድንገት ሲከፈት እንደሚፈላው ሁሉ፣ ጋዙ በአካሉ ውስጥ አረፋ ይሆናል። አረፋው የደም ሥርን ይዘጋል፣ ነርቭን ያውካል፣ በአከርካሪ ውስጥ የሚያልፈውን ኅብለ ሰረሰር ይጎዳል። የፈረንሳዩ ሊቅ ፖል ቤር ይህን ጉዳይ አብራርቶ ያሳተመው በ1878 ነው፤ ስኮትላንዳዊው ጆን ሃልዴን ደግሞ ግፊቱ በየደረጃው እንዴት መቀነስ እንዳለበት የሚያሳይ ሠንጠረዥ ያወጣው በ1908 ነው። በኒውዮርኩ ኬሶን ግፊቱ ከተለመደው የከባቢ አየር ግፊት ከሦስት እጥፍ በላይ በነበረበት ጊዜ ሠራተኞቹ በመዝጊያው ክፍል የሚቆዩት ለጥቂት ደቂቃ ብቻ ነበር። ሐኪሙ ስሚዝ ወደ ታች ሲመለሱ ሕመሙ እንደሚለቃቸው አስተውሎ፣ ሕመምተኞችን እንደገና ግፊት ውስጥ አስገብቶ ቀስ በቀስ የሚያወጣ ክፍል ቢሠራ መልካም እንደሚሆን በዘገባው ጽፎ ነበር። ክፍሉ ግን አልተሠራም። መድኃኒቱ ከሕመምተኞቹ እግር ሥር፣ በዚያው ኬሶን ውስጥ ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ሦስተኛው ሠራተኛ በሞተበት ቀን፣ ግንቦት 18 ቀን 1872፣ ሮብሊንግ ቁፋሮው እንዲቆም አዘዘ። ጥልቀቱ 24 ሜትር ያህል ነበር። ከሥር አለቱ ወጣ ገባ ሆኖ ገና ወደ ታች ይሄድ ነበርና፣ ለዘመናት ሳይናወጥ የኖረ ጠንካራ አሸዋ ማማውን ይሸከማል ብሎ ወሰነ። በወረቀት ላይ ቀላል ይመስላል። ስሕተት ቢሆን ኖሮ በዓለም ፊት የሚፈርሰው የእርሱ ስም ነበር፤ ቁፋሮው ቢቀጥል ደግሞ ስንት ሰው እንደሚሞት ማንም ሊናገር አይችልም ነበር። ማማው እስከ ዛሬ በዚያው አሸዋ ላይ ቆሟል።

ለመሐንዲሱ ግን ውሳኔው ዘግይቶ ነበር። ከማንም ይበልጥ ወደ ኬሶኑ ሲወርድና ሲወጣ የኖረው እርሱ ነበርና በዚያው ዓመት ከሥር በሸክም አወጡት። አልሞተም፤ አልዳነም። ዓመቱ ሊያልቅ ሲል ወደ ሥራው ቦታ መሄድ አቃተው፤ ከዚያም በኋላ ለዐሥር ዓመት ያህል በቦታው አልታየም።

ከዚህ ላይ ያደረገው ነገር በታሪኩ ውስጥ ከሁሉ ይልቅ ሊስተዋል የሚገባው ነው። የ1872ቱን ክረምት በአልጋ ላይ ሆኖ በመጻፍ አሳለፈ። የድልድዩን ፍጻሜ አላይም የሚል ሥጋት ስለ ነበረበት፣ ከኬብል መጎተቻው ጀምሮ እስከ መጨረሻው የብረት ተሸካሚ ድረስ እያንዳንዱ ክፍል እንዴት እንደሚሠራ፣ በምን ቅደም ተከተል እንደሚገጠም፣ ምን ዓይነት ችግር ሊያጋጥም እንደሚችል ጭምር በዝርዝር ጻፈ፣ ነደፈም። በጤናው ዘመን በቦታው ተገኝቶ በቃል ያስረዳው የነበረውን ሁሉ በወረቀት አሰፈረ። ብዙ ጤነኛ መሐንዲሶች እንዲህ ያለ የተሟላ ማስረጃ ለተተኪያቸው ሳይተዉ እንደሚያልፉ ሙያውን የሚያውቅ ሁሉ ያውቃል። ሕመሙ ያስገደደው ጥንቃቄ ድልድዩን ጠቀመ። ይህ ማለት ግን ሕመም ጥሩ ነው ማለት አይደለም፤ እንዲህ ያለውን አባባል የሚወዱት አብዛኛውን ጊዜ ያልታመሙ ናቸው።

ስለ ሕመሙ ጠባይ በኋላ ዘመን የጻፉ ሰዎች አይስማሙም። ከፊሎቹ የኬሶኑ ጉዳት በነርቭና በአጥንት ላይ ያስቀረው ጠባሳ ነው ሲሉ፣ ሌሎች ከአባቱ ሞት ጀምሮ የተከማቸ የኃላፊነት ጭንቀትም ተጨምሮበታል ይላሉ። ምናልባት ሁለቱም እውነት ሊሆን ይችላል። በአልጋ ላይ ላለ ሰው የምክንያቱ ስም እምብዛም አይረዳውም። የሚታየው ምልክት ግን ዛሬ ሐኪሞች በሌሎች የነርቭ በሽታዎች ከሚያዩት ጋር ይቀራረባል። የፓሪሱ ሐኪም ዣን ማርተን ሻርኮ መልቲፕል ስክለሮሲስ የተባለውን በሽታ ለይቶ የገለጸው በ1868፣ ይኸውም ሮብሊንግ ከአውሮፓ ጥናቱ በተመለሰበት ዓመት ነበር። ያም በሽታ አንጎልንና ኅብለ ሰረሰርን ይነካል፤ እጅና እግርን ያደነዝዛል፣ የዐይንን ብርሃን ያደክማል፣ ከምንም በላይ ደግሞ እንቅልፍ የማይሽረው ድካም ያመጣል። የበሽታውን አካሄድ የሚያዘገይ የመጀመሪያው መድኃኒት በአሜሪካ የተፈቀደው በ1993 ነው፤ እስከዚያ ድረስ ለ125 ዓመት ያህል ሕመምተኞቹ የነበራቸው ብልሃት ኑሮን ከአቅም ጋር ማስማማት ብቻ ነበር። ሮብሊንግ ይህ በሽታ አልነበረበትም። የያዘው ብልሃት ግን ያው ነበር፤ በቀን ውስጥ ያለችውን ጥቂት ብርታት እንደ ገንዘብ ቆጥሮ፣ በስብሰባና በሙግት ሳያባክን ለዋናው ነገር ብቻ ማዋል።

ብርታቱን የሚቆጥርለት ሰው ደግሞ አጠገቡ ነበረ። በ1865 ያገባት ኤምሊ ዋረን ሮብሊንግ በዚያ ዘመን እንደ ነበሩ ሴቶች ሁሉ ምሕንድስና የምትማርበት ትምህርት ቤት አልነበራትም። ባሏ ማንበብ ሲያቅተው ታነብለታለች፣ መጻፍ ሲያቅተው ትጽፍለታለች። መጀመሪያ ሥራዋ ይህ ብቻ ነበር። የማይገባትን ቃል እየጻፉ መዝለቅ ግን አልወደደችም፤ የሒሳብን ትምህርት፣ የቁሳቁስን ጥንካሬ፣ የኬብል አሠራርንና የተንጠለጠለ ኬብል የሚይዘውን ቅርጽ ሥሌት አጠናች። ውሎ አድሮ ከቤቱ ወደ ሥራው ቦታ በየጊዜው እየሄደች ለረዳት መሐንዲሶቹ ትእዛዝ የምታደርስ፣ ጥያቄያቸውንም ይዛ የምትመለስ ሆነች። ብረት አቅራቢዎች አንድን ክፍል እንዴት እንደሚሠሩት ግራ ገብቷቸው ሲመጡ ንድፉን ራሷ አውጥታ ታሳያቸው ነበር። ከዚህ የተነሣ እውነተኛው መሐንዲስ እርሷ ናት የሚል ወሬ በከተማው ይናፈስ ጀመር። ወሬው ትክክል አልነበረም፤ ጸሐፊ ብቻ ናት የሚለውም ከዚያ ይልቅ ስሕተት ነው። ሐሳቡ ከአንዱ፣ እግሩና ዐይኑ ከሌላው ነበር፤ ቆየት ሲል ደግሞ የትኛው ሐሳብ ከማን እንደ መጣ መለየት የሚያስቸግርበት ጊዜ መጣ።

ረዳት መሐንዲሶቹም ሊረሱ አይገባም። ፍራንሲስ ኮሊንግውድ ለአንድ ወር ብቻ ሊያግዝ መጥቶ እስከ ፍጻሜው ቀረ። ዊልያም ፔይን፣ ቻርልስ ማርቲን፣ ዊልሄልም ሂልደንብራንድ ሁሉም ችሎታ ያላቸው ሰዎች ነበሩ። አለቃቸው ታሞ ተኝቷል ብለው ወንበሩን ለመውረስ የተሽቀዳደሙ አልሆኑም። በነሐሴ 1876 የመጀመሪያው ገመድ ከማማ ወደ ማማ ተዘርግቶ ዋናው መካኒክ ፋሪንግተን በአንዲት ሳንቃ ላይ ተቀምጦ ወንዙን ተሻገረ። ወንዙ ዳር ሕዝብ ሲጮኽ ዋናው መሐንዲስ በቦታው አልነበረም።

በ1878 የደረሰው ነገር የርቀት አመራሩ መፈተኛ ሆነ። ለኬብሎቹ የብረት ሽቦ የሚያቀርበው ነጋዴ፣ ተመርምሮ ያለፈውን ጥሩ ሽቦ በመንገድ ላይ በመጥፎ እየለወጠ ሲያስገባ እንደ ኖረ ታወቀ። መጥፎው ሽቦ በኬብሎቹ ውስጥ ከገባ በኋላ ነበርና ማውጣት አይቻልም። ሮብሊንግ ግን ቀድሞውኑ ኬብሎቹን ሲነድፍ ከሚያርፍባቸው ክብደት ስድስት እጥፍ እንዲችሉ አድርጎ ነበር። ከአልጋው ሆኖ አስልቶ፣ መጥፎው ሽቦ ቢኖርም ቢያንስ አምስት እጥፍ እንደሚችሉ አረጋገጠ፤ በእያንዳንዱ ኬብል ላይም 150 ያህል ተጨማሪ ሽቦ በነጋዴው ኪሣራ እንዲገባ አዘዘ። በመጨረሻም አራቱ ኬብሎች እያንዳንዳቸው 5,434 ሽቦዎችን ይዘዋል። ያ መጥፎ ሽቦ ዛሬም በውስጣቸው ይገኛል። የሚጠፋውን ነገር ቀድሞ ገምቶ ትርፍ አቅም ማስቀመጥ የመሐንዲስ ልማድ ነው፤ ሮብሊንግ የራሱን አካል በሚመለከት ግን በ1870 እና በ1872 ይህን ልማድ ዘንግቶት ነበር።

ሌላው ፈተና ከሰዎች መጣ። ሥራው ከታሰበው ጊዜና ገንዘብ በላይ ስለ ወሰደ ቅሬታው በዛ። በ1882 የብሩክሊን ከንቲባ የሆነው ሴዝ ሎው፣ በቦታው የማይታይ መሐንዲስ ዋና መሐንዲስ ሊባል አይገባውም፣ አማካሪ ተብሎ ቦታውን ለሌላ ይልቀቅ የሚል ሐሳብ ለባለአደራው ቦርድ አቀረበ። ሎው የ32 ዓመት ሰው ነበር፤ ሮብሊንግ ሥራውን በተረከበ ጊዜ የነበረው ዕድሜ መሆኑ ነው። ለፍትሕ ሲባል መነገር ያለበት፣ የከንቲባው ጥያቄ በራሱ ያለ አግባብ አልነበረም፤ የሕዝብን ገንዘብ የሚጠብቅ ሰው የሥራ መሪው በእርግጥ እየሠራ መሆኑን ማወቅ ይገባዋል። ስሕተቱ ሥራውን ሳይመረምር ሰውየው የሚቀመጥበትን ቦታ መመርመሩ ላይ ነው። ማማዎቹ ቆመዋል፣ ኬብሎቹ ተፈትለዋል፣ እያንዳንዱ ትእዛዝ በጽሑፍ ተመዝግቦ ይገኛል። ሮብሊንግ ቦታውን በፈቃዴ አልለቅም አለ። በመስከረም ወር ድምፅ ሲሰጥ 10 ለ7 ሆኖ በቦታው ጸና። ሁለት ሰው ሐሳቡን ለውጦ ቢሆን ኖሮ የድልድዩ ታሪክ በሌላ ስም ይጻፍ ነበር።

ከምረቃው ቀደም ብሎ ድልድዩን በሠረገላ መጀመሪያ የተሻገረችው ኤምሊ ናት፤ በእጇም የድል ምልክት የሆነ አውራ ዶሮ ይዛ ነበር። ግንቦት 24 ቀን 1883 ድልድዩ ሲመረቅ ፕሬዚዳንት ቼስተር አርተር ተገኙ፤ የማማዎቹ መካከል ርቀት 486 ሜትር ሲሆን እስከዚያ ቀን ይህን ያህል የተንጠለጠለ ድልድይ በዓለም አልነበረም። ሮብሊንግ በበዓሉ ላይ አልወጣም። ከመስኮቱ ሲመለከት ውሎ፣ ፕሬዚዳንቱ ራሳቸው ወደ ቤቱ መጥተው እጁን ጨበጡት። በዕለቱ ንግግር ያደረገው የምክር ቤት አባል አብራም ሂዊት የኤምሊን ድርሻ በሕዝቡ ፊት በስም አነሣ።

በዚህ ሁሉ መካከል አንድ ነገር በዝምታ ሊታለፍ አይገባም። ሮብሊንግ ከነሕመሙ ሊሠራ የቻለው በመንፈሱ ብርታት ብቻ አይደለም። ወንዙን የሚያይ ቤት ነበረው፤ የሽቦ ፋብሪካ ያለው ቤተ ሰብ ነበረው፤ በ1873 ሚስቱን አስከትሎ ለመታከም ወደ ጀርመን፣ ወደ ቪስባደን ፍል ውሃ ሄዶ ወራት መቆየት ችሎ ነበር፤ ከሁሉ በላይ ዕድሜዋን የሰጠችው ሚስት ነበረችው። ከእርሱ ጋር በዚያው ኬሶን ውስጥ በቀን 2 ዶላር ከ25 ሳንቲም ተቀጥረው የወረዱት፣ አብዛኞቹ ከአየርላንድና ከጀርመን የመጡ ሠራተኞች መስኮት አልነበራቸውም። በግንቦት 1872 የደመወዝ ጭማሪ ጠይቀው ሥራ አቁመው ነበር። ከስሚዝ ዝርዝር ውስጥ ሦስቱ ሲሞቱ የቀሩት ቀስ በቀስ ከታሪክ ወጥተዋል፤ ከእነርሱ መካከል እንደ ዋናው መሐንዲስ ለዓመታት የደነዘዘ እግር ይዞ የኖረ፣ ግን ሥራውን ወደ ቤቱ የሚያመጣለት ሰው ያጣ ይኖራል። በድልድዩ ሥራ በአደጋና በበሽታ የሞቱት ከ20 አያንሱም። አካለ ስንኩል የሆነ ሰው ሠርቶ መኖሩ በራሱ ፈቃድና በዙሪያው ባለው ዝግጅት መካከል የሚወሰን መሆኑን ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ምሳሌ ማግኘት ያስቸግራል።

ከምረቃው በኋላ ሮብሊንግ ሌላ ድልድይ አልሠራም። ሕመሙ እየቀለለ፣ እየተመለሰም፣ በኒውጀርዚ ግዛት በትሬንተን ከተማ ኖረ። ኤምሊ በ1899 ከኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ምስክር ወረቀት ተቀበለች፤ በ1903 በ59 ዓመቷ አረፈች። ጤነኛይቱ ቀድማ ሄደች፤ ሕመምተኛው ቀረ። የብሩክሊን መሐንዲሶች ክበብ በ1951 በድልድዩ ማማ ላይ ለእርሷ መታሰቢያ የነሐስ ጽሑፍ አቁሟል።

በ1921 የቤተ ሰቡን ፋብሪካ ይመራ የነበረው የወንድሙ ልጅ በድንገት ሲሞት የሚተካ ሰው ታጣ። በ84 ዓመቱ ዋሽንግተን ሮብሊንግ የኩባንያው ፕሬዚዳንት ሆነ። በየቀኑ ቢሮ እየገባ የፋብሪካውን መኪናዎች በኤሌክትሪክ ኃይል እንዲሠሩ አስለወጠ፤ በ1924 ለተከፈተው ለቤር ማውንቴን ድልድይ የሚሆነውን ኬብል ያቀረበው ይኸው ኩባንያ ነው። በትርፍ ጊዜው ማዕድናትን ይሰበስብ ነበር። ዐይኑ ደክሞ፣ ሰውነቱ እያመመው፣ ድንጋዮቹን አንድ በአንድ እየመረመረ ይመድባቸው ነበር። ሐምሌ 21 ቀን 1926 በ89 ዓመቱ ሲሞት ከ16,000 በላይ የማዕድን ናሙናዎችን ትቶ ነበር፤ ልጁም በዋሽንግተን ከተማ ለሚገኘው ለስሚዝሶንያን ተቋም አስረከባቸው።